ያውቁ ኖሯል? የሉዊሳ ፌሪዳ አጭር የፊልም ዘመን

ጣሊያናዊቷ ተዋናይት ሉዊሳ ፌሪዳ እ.ኤ.አ. በ1914 በቦሎኛ አቅራቢያ በምትገኘው ካስቴል ሳን ፒዬትሮ ቴርሜ ተወልዳ፣ በቲያትር መድረክ ከሠራች በኋላ በ1935 ወደ ፊልም የገባች ሲሆን፣ የፊልም ሕይወቷ የቆየው ለዐሥር ዓመት ገደማ ብቻ ነው።

በዚያ ዘመን በጣሊያን «ነጭ ስልክ» የሚባሉት፣ ማለትም የባለጸጎችን የተንደላቀቀ ኑሮ የሚያሳዩ ቀለል ያሉ አስቂኝ ፊልሞች ተወዳጅ ቢሆኑም፣ ፌሪዳ ይበልጥ የታወቀችው በአሌሳንድሮ ብላሴቲ ታሪካዊና ምናባዊ ፊልሞች፣ በተለይም በ1941 በቬኒስ የፊልም ፌስቲቫል ለምርጥ የጣሊያን ፊልም ይሰጥ የነበረውን የሙሶሊኒ ዋንጫ ባሸነፈው «የብረት ዘውድ» ነው።

በ1943 ጣሊያን ለተባባሪዎቹ ኃይሎች እጅ ሰጥታ ሙሶሊኒ በጀርመን ድጋፍ በሰሜኑ ክፍል የሳሎ ሪፐብሊክ የተባለውን መንግሥት ባቋቋመ ጊዜ፣ ፌሪዳና የሕይወት አጋሯ ተዋናይ ኦስቫልዶ ቫሌንቲ የፊልም ሥራው ወደተዛወረበት ቬኒስ ሄዱ፤ ቫሌንቲም በኋላ ፓርቲዛን የሚባሉትን ፀረ ፋሺስት ተዋጊዎች ይወጋ የነበረውን ዴቺማ ማስ የተሰኘ የጦር ክፍል ተቀላቀለ።

ሁለቱም በሚላኖ እስረኞችን ያሠቃይ ከነበረው የፒዬትሮ ኮክ ቡድን ጋር ተባብረዋል በሚል ክስ፣ ኤፕሪል 30 ቀን 1945 በፓርቲዛኖች በጥይት ሲገደሉ ፌሪዳ የ31 ዓመት ነፍሰ ጡር ነበረች፤ ከጦርነቱ በኋላ በተካሄደ ምርመራ ግን በማሠቃየቱ ተግባር መሳተፏን የሚያሳይ ማስረጃ ባለመገኘቱ ለእናቷ የጡረታ አበል ተፈቅዷል። በ2008 ማርኮ ቱሊዮ ጆርዳና የጥንዶቹን ታሪክ «ሳንጉዌፓዞ» በተሰኘ ፊልም ሲያቀርብ፣ ፌሪዳን ሆና የተወነችው ሞኒካ ቤሉቺ ናት።