«አያቴ፣ ከዓሣ ሁሉ ትልቁ የቱ ነው?»

ባለፈው ክረምት ትምህርት ቤት ሲዘጋ ሁለቱ የልጅ ልጆቼ ከአዲስ አበባ መሐል ሜዳ መጥተው እኔ ዘንድ ሰነበቱ። የመንዝን ክረምት የምታውቁ ታውቁታላችሁ፤ ጉሙ ከደጅ አላስወጣ ሲል ልጅ ባና ተከናንቦ እሳት ዳር ከመቀመጥና ከመጠየቅ በቀር ሥራ የለውም። አንድ ማታ የነቢዩ ዮናስን ታሪክ ስነግራቸው፣ ዓሣ አንበሪ ዋጠው ካልኩበት ላይ ስደርስ የስምንት ዓመቱ ልጅ አቋረጠኝ። «አያቴ፣ መምህራችን ዓሣ ነባሪ ዓሣ አይደለም ብላናለች። ታዲያ ከዓሣ ሁሉ ትልቁ የቱ ነው?»

በነርስነት ባገለገልኩበት ዘመን ስለ ሳልና ስለ ተቅማጥ እንጂ ስለ ዓሣ የጠየቀኝ ሰው የለም። «ዝም ብለህ ታሪኩን ስማ» የሚለው ቃል ከአፌ ደርሶ ነበር። ዋጥ አደረግኩትና «እሱን ነገ አብረን እናየዋለን» አልኩት። ልጅ ሲጠይቅ የሚያፍነው ወላጅ በኋላ «ልጄ ምንም አይነግረኝም» ብሎ ሲያማርር ስንት ጊዜ ሰምቻለሁ። እናንተም ቤት ይህ ጥያቄ አይቀርምና ያገኘነውን መልስ ላካፍላችሁ።

ስሙ ያሳሳተን

መምህሯ ትክክል ናት። ዓሣ ነባሪ በስሙ ዓሣ ይባል እንጂ እንደ ላምና እንደ በግ ወልዶ የሚያጠባ፣ በሳንባ የሚተነፍስ፣ አየር ለመሳብ ከውሃው በላይ ብቅ የሚል እንስሳ ነው። ዓሣ ግን በስንጥቡ አማካይነት ኦክስጅንን ከውሃው ውስጥ ይወስዳል። ልጆች በጅራቱ ሊለዩት ይችላሉ፤ የዓሣ ጅራት ቀጥ ብሎ ቆሞ ወደ ግራና ቀኝ ሲወዛወዝ፣ የዓሣ ነባሪ ጅራት ጠፍጣፋ ሆኖ ወደ ላይና ወደ ታች ይቀዝፋል። የዮናስን ነገር ሲጠይቀኝ «መጽሐፉ ታላቅ ዓሣ ይላል፤ እንዲህ ያለው የሳይንስ ክፍፍል ከዚያ በኋላ የመጣ ነው» አልኩት፤ ተስማማ።

በአውድማ የተለካ ዓሣ

ዛሬ በሕይወት ካሉት ዓሦች ሁሉ ትልቁ ዌል ሻርክ የሚባለው ነው። ከተለኩት ሁሉ ረጅሙ 18.8 ሜትር ደርሷል። ቁጥሩን ብቻ ብነግራቸው ምንም አልመሰላቸውም። በማግሥቱ ጉሙ ሲገልጥ የልብስ ሰፊ ሜትር ይዘን አውድማው ላይ ወጣን። ሜትሩ አንድ ሜትር ተኩል ነው፤ አሥራ ሁለት ጊዜ ተኩል እያነሣን ስንጥል ከአውድማው አልፈን ከጎረቤት ካብ ሥር ደረስን። ታናሽየዋ ከዚህኛው ጫፍ ሆና ወንድሟን ስትጠራው ጮኻ ነበር። ያን ጊዜ ገባቸው።

ይህ ግዙፍ ፍጥረት ሰው አይበላም፤ አፉን ከፍቶ ውሃውን እያጣራ ደቃቅ ሕዋሳትንና ትናንሽ ዓሦችን ይመገባል። ከእኛም ሩቅ አይደለም፤ በብርዱ ወራት ወጣቶቹ ዌል ሻርኮች በጎረቤታችን በጅቡቲ፣ በታጁራ ባሕረ ሰላጤ ይሰበሰባሉ።

አጥንታቸው ጠንካራ ከሆነው ዓሦች በክብደት የታወቀው ፀሐይ ዓሣ የሚሉት ነው። እ.ኤ.አ. በ2021 መጨረሻ በፖርቱጋል አዞረስ ደሴቶች አጠገብ ሞቶ የተገኘው 2,744 ኪሎ ግራም መዝኗል። አንዱን የመንዝ በግ 30 ኪሎ ብንለው ከ90 በግ በላይ ማለት ነው። በተቃራኒው እ.ኤ.አ. በ2006 ከኢንዶኔዥያ ሱማትራ ደሴት ረግረግ የተገለጠችው ትንሿ ዓሣ ለመውለድ ደርሳ እንኳ 7.9 ሚሊ ሜትር ብቻ ነበረች። የገብስ ፍሬ አንሥታችሁ አሳዩአቸው፤ ያችን ታክላለች።

ለእኛ ለአረጋውያን ደስ የሚለን ደግሞ የዕድሜው ነገር ነው። በሰሜኑ ቀዝቃዛ ባሕር የሚኖረው የግሪንላንድ ሻርክ እ.ኤ.አ. በ2016 በወጣ ጥናት ሲመረመር፣ ከሁሉ ትልቋ ቢያንስ 272 ዓመት እንደሆናት ተገምቷል። በጎንደር ዳግማዊ ኢያሱ ነግሠው በነበሩበት ዘመን እሷ በባሕር ውስጥ ነበረች ማለት ነው። በአሜሪካ ሳን ፍራንሲስኮ ደግሞ በማቱሳላ ስም የተጠራች ሳንባ ያላት ዓሣ አለች። እ.ኤ.አ. በ1938 ከአውስትራሊያ መጥታ እስከ ዘመናችን ስትመገብ ኖራለች።

ከእግራችን ሥር ያለው ባሕር

«የጠፉትስ?» አለ ልጁ። ከጠፉት አንዱ ሜጋሎዶን የተባለው ሻርክ ነው። ርዝመቱ ከ15 ሜትር በላይ እንደሚደርስ ይገመታል፤ ጥርሱ ብቻ ከሰው መዳፍ ይበልጣል። የጠፋው ከ3.6 ሚሊዮን ዓመት ገደማ በፊት፣ ሉሲ ከኖረችበት ዘመን ጥቂት ቀደም ብሎ ነው። ከእሱም እጅግ የሚርቀው ሊድሲክቲስ ነው። አጥንቱን በእንግሊዝ አገር አልፍሬድ ሊድስ የተባለ ሰው ሰብስቦ እ.ኤ.አ. በ1889 ስም ወጣለት። ከ160 ሚሊዮን ዓመት ገደማ በፊት የኖረ ሲሆን ወደ 16 ሜትር ይደርስ ነበር ይባላል። አጥንታቸው ጠንካራ ከሆነው ዓሦች እስካሁን ከታወቁት ሁሉ ረጅሙ እሱ ነው።

እዚህ ላይ ነው ነገሩ ወደ ቤታችን የሚመጣው። በዚያ ሩቅ ዘመን ዛሬ መንዝና መርሐቤቴ የምንለው ምድር ከፍታ አልነበረም፤ ባሕር ሸፍኖት ነበር። በጀማ ሸለቆ ወርዳችሁ የምታዩት የኖራ ድንጋይ የዚያ ባሕር ወለል ነው። ባሕሩ ሲሸሽ ወንዝና ረግረግ ተተካ። እ.ኤ.አ. በ1999 የታተመ ጥናት እንደሚያሳየው፣ 150 ሚሊዮን ዓመት ገደማ ከሆነው የሰሜን ምዕራብ አምባችን ጭቃ ድንጋይ ሳንባ ያለው ዓሣና የሌሎች ዓሦች፣ የኤሊ፣ የአዞና የዳይኖሰር ቅሪት ተገኝቷል። የጀማ ሸለቆም ከተገኘባቸው ቦታዎች አንዱ ነው። እኛ ገብስ የምንዘራበት ጥቁር ድንጋይ በላዩ የፈሰሰው ከብዙ ዘመን በኋላ፣ ከ30 ሚሊዮን ዓመት ገደማ በፊት በእሳተ ገሞራ ነው። ልጆቹ ይህን ሲሰሙ ከዮናስ ታሪክ ባልተናነሰ ዝም ብለው አዳመጡኝ።

የሀገራችን ባለ ማዕረጎች

ከሀገራችን ዓሦች በግዝፈት የታወቀው ናይል ፐርች ነው፤ ዝርያው እስከ 200 ኪሎ ግራም ሊደርስ ይችላል። በጫሞና በአባያ ሐይቆች፣ በጋምቤላም በባሮ ወንዝ ይኖራል። በጣና ግን የለም፤ የጢስ ዓባይ ፏፏቴ ከታች ወደ ላይ እንዳይወጣ ከልክሎታል። በዚህም ምክንያት በጣና ሌላ ቦታ የማይገኙ ከ15 ያላነሱ የባርበስ ዝርያዎች ተፈጥረው ኖረዋል። እኛ ደጋዎቹ ዓሣ የምናውቀው ወደ ጀማና ወደ ወንጪት ስንወርድ ነው። በዚያ ከሚገኙት የሚከበረው አምባዛ ነው። ዝርያው በተመቸው ቦታ ከአንድ ሜትር ተኩል በላይ ይረዝማል፤ ውሃው ሲጎድል ከላይ አየር ስቦ መተንፈስም ይችላል።

የብርብራው ነገር

በመርሐቤቴ ቆላ በሠራሁባቸው ዓመታት አንድ ሽማግሌ ክንዳቸውን ዘርግተው «ዱሮ አምባዛው ይህን ያህል ነበር» ይሉኝ ነበር። ልጆች በእንጨት ሰክተው ለሽያጭ ያመጡልን የነበረው ግን ከመዳፍ ብዙም አይበልጥም። ሽማግሌው ምክንያቱን ያውቁት ነበር። በበጋ ወንዙ ተቆራርጦ ዓሣው በየኩሬው ሲሰበሰብ፣ የተፈጨ የብርብራ ፍሬ ይበተንበታል። በብርብራ ውስጥ ያለው ሮቴኖን የተባለ መርዝ የዓሣው ሰውነት በኦክስጅን እንዳይጠቀም ያግደዋል፤ ውሃ ውስጥ እያለ ይታፈናል። ትልቁም ትንሹም አብሮ ይገለበጣል፤ ለቀማው ግን ለትልቁ ነው፤ ጫጩቱ እዚያው ይበሰብሳል። ትልልቆቹ እናት ዓሦች ደግሞ ከትንንሾቹ እጅግ የበዛ ዕንቁላል የሚጥሉ ናቸው። እነሱን አንዴ ያጣ ወንዝ በቶሎ አያገግምም።

ከዚህ የከፋው በብርብራ ፈንታ ለተባይ ወይም ለመዥገር የተገዛ ኬሚካል ወንዝ ውስጥ መድፋት ነው። ያንኑ ውሃ ከታች ሰው ይጠጣዋል፤ ከብትም ይጠጣዋል። ልጃችሁ እንዲህ ያለ ነገር ነክቶ ወይም ቀምሶ ምራቁ ከበዛ፣ ካላበው፣ ካስታወከው፣ የዓይኑ ብሌን ከጠበበ ወይም መተንፈስ ካቃተው፣ ወተት አጠጡት የሚለውን ምክር ትታችሁ፣ ለማስመለስም ሳትሞክሩ፣ የኬሚካሉን ዕቃ ይዛችሁ ፈጥናችሁ ወደ ጤና ተቋም ውሰዱት። ልብሱ ላይ ፈስሶ ከሆነ አውልቃችሁ ገላውን በሳሙናና በብዙ ውሃ እጠቡት፤ የምታጥቡትም ራሳችሁን ጠብቁ።

ልጆቹ ሊመለሱ ሲሉ ወንድየው «አያቴ፣ በጀማ ያለውን ትልቁን አምባዛ ማን ለካው?» አለኝ። ሁልጊዜ የሚለካው ከሞተ በኋላ ነው አልኩት። «ሳይሞት ለመለካትስ?» አለ። ለዚህ መልስ አልነበረኝም፤ ለሚቀጥለው ክረምት አደርኩለት። እስከዚያ በየቤታችሁ ሜትር ካለ፣ አውድማም ሆነ የኮንዶሚኒየም ግቢ፣ 18.8 ሜትሩን ከልጆቻችሁ ጋር ለኩት።