ሰማይን ሊለካ ተከፍቶ ምድርን ያዳመጠው ቤት

ከሐረር ተነስቶ በደንገጎ ጠመዝማዛ ወደ ድሬዳዋ የሚወርድ ሰው በታላቅ የምድር ስብራት ጠርዝ ላይ እየወረደ ነው። ሐረር ከስምጥ ሸለቆው በስተምሥራቅ ባለው ደጋ ላይ ናት፤ አዲስ አበባ ደግሞ በስተምዕራብ ባለው። በመካከል ያለው ምድር እየተለጠጠ ሁለቱን ከተሞች በዓመት ግማሽ ሴንቲ ሜትር ያህል ያራርቃቸዋል። ጥቂት ይመስላል። ሆኖም አሚር ኑር የሐረርን የጁገል ግንብ ካሠሩበት ከ16ኛው ክፍለ ዘመን ወዲህ ቢሰላ ከሁለት ሜትር በላይ ይሆናል።

ይህን የምድር ጉዞ ከሚከታተሉት ተቋማት ቀዳሚው አራት ኪሎ ግቢ ውስጥ የሚገኘው የአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ የጂኦፊዚክስ ኦብዘርቫቶሪ ነው። ዛሬ የጂኦፊዚክስ፣ የህዋ ሳይንስና አስትሮኖሚ ኢንስቲትዩት ይባላል። ሲቋቋም ግን ዋና ሥራው ምድርን ማዳመጥ አልነበረም።

ዘመኑ 1950 ዓ.ም. ነው። ሶቪየት ኅብረት ስፑትኒክን ያመጠቀችው በዚያው ዓመት መስከረም 24 ቀን ሲሆን፣ የዓለም ሳይንቲስቶችም ምድርን በጋራ የሚያጠኑበትን ዓለም አቀፍ የጂኦፊዚክስ ዓመት ጀምረው ነበር። አዲስ አበባ የተፈለገችው የምድር መግነጢሳዊ ወገብ አጠገቧ ስለሚያልፍ ነው። በዚህ መስመር ላይ የኮምፓስ መርፌ ወደ ላይም ወደ ታችም ሳያዘነብል አግድም ይቆማል። ሐረርም ከመስመሩ ሩቅ አይደለችም። የዩኒቨርሲቲው መነሻ በነበረው ዩኒቨርሲቲ ኮሌጅ ያስተምሩ የነበሩት ካናዳዊው የኢየሱሳውያን ማኅበር ካህን አባ ፒየር ጉዋን ማግኔቶሜትሮችን፣ ማለትም የመግነጢስ መለኪያዎችን፣ አስተክለው መመዝገብ ጀመሩ።

መዝገቡ ያሳየው ነገር እጅግ ያስደንቃል። ቀትር ላይ ፀሐይ ከምድር 100 ኪሎ ሜትር ያህል ከፍታ ላይ ያለውን ስስ አየር ኤሌክትሪክ አስተላላፊ ታደርገዋለች። በመግነጢሳዊው ወገብ ላይ ወደ ምሥራቅ የሚፈስ ብርቱ የኤሌክትሪክ ጅረት ይፈጠራል፤ መሬት ላይ ያለው መሣሪያም ያንን ጅረት ይለካል። ጉዋን በአንዳንድ ቀናት ጅረቱ ተገልብጦ ወደ ምዕራብ እንደሚፈስ ከአዲስ አበባ መዝገብ አስተውለው በ1962 እ.ኤ.አ. አሳተሙ። በ1967 እ.ኤ.አ. ደግሞ ከፈረንሳዊው ተመራማሪ ማዮ ጋር ሆነው ክስተቱን ተቃራኒ ጅረት ሲሉ ሰየሙት። የመስኩ ተመራማሪዎች ዛሬም በዚህ ስም ይጠሩታል። ይህ ግኝት በትምህርት ቤት መጻሕፍታችን ሰፊ ቦታ ሊሰጠው ይገባል እላለሁ።

በዚያው ዘመን ምድርም ተናገረች። በ1953 ዓ.ም. ግንቦት ወር መጨረሻ ካራቆሬ አካባቢ በተከታታይ ተንቀጠቀጠ፤ ማጀቴ ከተማ ፈረሰች። በመጋቢት 1961 ዓ.ም. አፋር ውስጥ ሰርዶ ወደመች፤ ሰዎችም ሞቱ። ኦብዘርቫቶሪው ትኩረቱን ነውጥን ወደሚመዘግቡት ሲስሞግራፎች አዞረ። ከአንድ ነውጥ ሁለት ሞገዶች ይነሳሉ። ፈጣኑ ቀድሞ ይደርሳል፤ ዘገምተኛው ይከተላል። ሁለተኛው በ20 ሰከንድ ቢዘገይ ነውጡ የተነሳው 160 ኪሎ ሜትር ያህል ርቆ ነው። በተለያየ ቦታ ያሉ ቢያንስ ሦስት ጣቢያዎች የየራሳቸውን ርቀት ሲሰጡ ቦታው ይታወቃል።

መሣሪያ ከመኖሩ በፊት የደረሰውንስ? ጉዋን ዜና መዋዕሎችንና የተጓዦችን ማስታወሻዎች እየፈተሹ ከ1400 እ.ኤ.አ. ጀምሮ ያለውን የኢትዮጵያና የአፍሪካ ቀንድ የመሬት መንቀጥቀጥ ታሪክ ሰበሰቡ፤ መጽሐፉ በ1979 እ.ኤ.አ. ታተመ። ከዚያ ቀደም ብሎ በ1976 እ.ኤ.አ. አገሪቱን በአደጋ ደረጃ የሚከፋፍል ካርታ አውጥተው ነበር። የጸሐፊዎቻችን ብራና ለሕንፃ መሐንዲስ ጠቀመ ማለት ነው።

ሰማዩም አልተረሳም። በ1960ዎቹ እ.ኤ.አ. የአሜሪካው ስሚዝሶንያን የአስትሮፊዚክስ ኦብዘርቫቶሪ ሳተላይቶችን በከዋክብት መካከል የሚከተል ግዙፍ ካሜራ ደብረ ዘይት ላይ ተከለ። ቀድሞ በዩኒቨርሲቲው ያስተምሩ የነበሩት ጂኦሎጂስቱ ፖል ሞርም በዚሁ ተቋም ድጋፍ ከስምጥ ሸለቆው አንዱ ዳር ወደ ሌላው ብርሃን እየላኩ ርቀቱን መለኩ፤ ዛሬ ይህን ሥራ ጂፒኤስ ይሠራዋል። በ2007 ዓ.ም. የተመረቀው የእንጦጦ ኦብዘርቫቶሪም፣ 3,200 ሜትር ከፍታ ላይ ባለ አንድ ሜትር መስታወት ሁለት ቴሌስኮፖች አሉት።

ከጉዋን በኋላ ሥራውን ኢትዮጵያውያን ቀጠሉት። ፕሮፌሰር ላይከማርያም አስፋው ረጅም ዘመን ደከሙበት። በመስከረም 1998 ዓ.ም. አፋር፣ ዳባሁ ላይ ምድር 60 ኪሎ ሜትር ያህል ርዝመት ተሰንጥቃ እስከ ስምንት ሜትር ስትከፈት፣ ዓለም የአህጉርን መከፈል በዓይኑ አየ። በ2017 ዓ.ም. ደግሞ ተራው የአዋሽና የፈንታሌ ሆነ። መጠናቸው ከ5 በላይ የሆኑ ነውጦች ተደጋገሙ፤ በአስር ሺህ የሚቆጠሩ ሰዎች ቀያቸውን ለቀቁ። በዚያ ሰሞን ስለ ነውጡ ለሕዝብ ሲያስረዱ የሰነበቱት የተቋሙ ሳይንቲስት ፕሮፌሰር አታላይ አየለ ነበሩ።

የአዋሽና የፈንታሌው ነውጥ የደረሰው ሐረር ሰዎቿን፣ ሸቀጧንና ጫቷን ወደ አዲስ አበባ በምትልክበት መንገድ ላይ ነው። ከጁገል ውጭ ፎቆች እየበዙ ባሉበት በዚህ ጊዜ፣ የመሬት መንቀጥቀጥ አደጋ ካርታ ለሐረር የሕንፃ ባለቤቶችና መሐንዲሶች የዕለት ሰነድ ነው፤ የምሰሶው ውፍረትና የብረቱ መጠን የሚወሰነው መሬቱ በየትኛው ደረጃ እንደተመደበ ታይቶ ነው።