በሁለት ጣሳ የሚሰፍሩ ነጋዴዎች

በቆሰበር ገበያ ጣሳውን ሳይሞላ የሚሰፍር እህል ሻጭ ብዙ አይቆይም። ገዢዋ እናት ዓይኗን ጣሳው ላይ ተክላ «ጨምር እንጂ፤ ረመዷን አይደል እንዴ!» ትለዋለች። እሱም አፍሮ አንድ እፍኝ ይመርቃል።

ለራሳቸው አሙልተው ለሌላው አጉድለው የሚሰፍሩትን የሚያወግዝ አንድ ሙሉ ምዕራፍ በቁርኣን ውስጥ አለ፤ 83ኛው፣ ሱረቱል ሙጠፊፊን። ነቢዩ ሹዓይብም ሕዝባቸውን የገሠጹት በሚዛን ጉዳይ ጭምር ነበር። ጣሳ ሲጎድል ገዢ ያያል። በመርከብ የተጫነ ዕቃ ዋጋው በወረቀት ላይ ሲጎድል ግን ማን ያያል?

ይህንን ሲመረምሩ ከቆዩት አንዱ በአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ የኢኮኖሚክስ መምህር የሆኑት ፕሮፌሰር ዓለማየሁ ገዳ ናቸው። ከአዲስ ይመር ጋር ባደረጉት ጥናት፣ እንደ ጎርጎርዮሳውያን አቆጣጠር ከ1970 እስከ 2012 ባሉት ዓመታት ከኢትዮጵያ የሸሸው ገንዘብ 31 ቢሊዮን ዶላር ገደማ መሆኑን አስልተዋል። ለታላቁ ሕዳሴ ግድብ ወጣ ከሚባለው 5 ቢሊዮን ዶላር ስድስት እጥፍ ይሆናል። ግሽ ዓባይ ለቆሰበር ጎረቤት ነውና ንጽጽሩ ለአገሬው አይከብድም።

ለመሆኑ የተደበቀ ገንዘብ እንዴት ይቆጠራል? አንደኛው መንገድ ከገበያዋ እናት ዘዴ ብዙም አይርቅም፤ ሁለቱን ጣሳ ጎን ለጎን ማስቀመጥ ነው። ኢትዮጵያ ወደ አንድ አገር ይህን ያህል ዋጋ ያለው ቡና ላክሁ ብላ ትመዘግባለች፤ ያ አገር ደግሞ ከኢትዮጵያ ይህን ያህል ገዛሁ ይላል። የመርከብና የመድን ወጪ ተቀናንሶም ልዩነቱ ሰፊ ከሆነ ጥርጣሬ ይነሳል። አንዳንዱ የጸሐፊ ስሕተት ነው፤ ሁሉም ግን ስሕተት ሊሆን አይችልም።

ለኢፍጧር በምንበላው ተምር እናስረዳ፤ ቁጥሩ ለምሳሌ ብቻ ነው። አስመጪው 100 ሺህ ዶላር የሚያወጣ ተምር ገዝቶ 150 ሺህ የሚል ደረሰኝ ያሠራል። ባንኩ 150 ሺህ ይከፍላል፤ 50 ሺው ውጭ አገር በግል ሒሳብ ይቀራል። ላኪው ደግሞ የሸጠውን አሳንሶ ይጽፋል። ለመድኃኒት ዶላር ጠፋ ስንባል፣ ከጠፋው ውስጥ እንዲህ የሸሸም አለበት።

አሁን ወደ ቤታችን እንግባ፤ የሚያሳስበን እዚህ ላይ ነውና። በረመዷን ልጇ ከጅዳ ገንዘብ የሚልክላት እናት ብዙ ናት። ልጁ ሪያሉን እዚያ ለአንድ ሰው ይሰጣል፤ እዚህ ደግሞ የማታውቀው ሰው ብሩን በሒሳቧ ያስገባላታል። ሪያሉ ግን አገር ውስጥ አልገባም። የሚገዛው ደረሰኝ አሳንሶ ቀረጥ የሚያመልጥ አስመጪ ወይም ሀብቱን የሚያሸሽ ሰው ሊሆን ይችላል። የማታውቀው ሰው ያስገባው ብር ከወንጀል የመጣ ከሆነም መርማሪ መጀመሪያ የሚያገኘው የእርሷን ስም ነው።

እናቲቱን ከትልልቆቹ ጋር በአንድ መፈረጅ ግን አይገባም ባዮች ነን። ከሐምሌ 22 ቀን 2016 ዓ.ም. በፊት፣ ምንዛሪው ለገበያ ሳይለቀቅ፣ የጥቁር ገበያው ዋጋ ወደ ባንኩ እጥፍ ተጠግቶ ነበር። ለድሃ ቤተሰብ ያ ልዩነት የሾርባው እህል፣ የልጆቹ የዒድ ልብስ ነው። በባንክ ላክ ብሎ መምከር ቀላል ነው፤ ልዩነቱን የሚከፍለው ግን መካሪው አይደለም። ዛሬ ልዩነቱ ቢጠብም አልጠፋም።

ከተራዊህ በኋላ ስልኩ ይጠራል። ልጁ እንደ ወትሮው «እማዬ፣ በባንክ ልላከው ወይስ በሰውየው?» ይላል።