የመካነ ሥላሴው ሰውና የአማርኛ መዝገበ ቃላት

በፈረንጆች አቆጣጠር በ1698 ፍራንክፈርት ላይ አንድ መጽሐፍ ታተመ። ቃሉ አማርኛ፣ ፍቺው ላቲን ነው። በማተሚያ ቤት የወጣው የመጀመሪያው የአማርኛ መዝገበ ቃላት ይኸው ነው፤ አዘጋጁ ጀርመናዊው ሂዮብ ሉዶልፍ። ቃሉ የመጣው ግን ከወሎ ሰው አፍ ነው።

አባ ጎርጎርዮስ የተወለዱት በዛሬው ደቡብ ወሎ ምድር፣ መካነ ሥላሴ በተባለው አገር ነው። በዚያ አፄ ናዖድ ያስጀመሩት፣ ልጃቸው አፄ ልብነ ድንግል የፈጸሙት ቤተ ክርስቲያን ነበረ፤ በ1531 በግራኝ ጦርነት ተቃጠለ። (የቦረናዋ መካነ ሰላም ሌላ ናት፤ ስማቸው ስለሚቀራረብ እንዳይምታታ።) አባ ጎርጎርዮስ የካቶሊክን እምነት ተቀብለው ስለነበር በአፄ ፋሲል ዘመን ከአገር ወጡ። ሮም ላይ በ1649 ከሉዶልፍ ጋር ተገናኙ። ሉዶልፍ ግዕዝን ከመጽሐፍ ለቅሞ ነበር፤ አነጋገሩን ግን የሚያሰማው ሰው አላገኘም። በ1652 በጀርመን የጎታው መስፍን ኧርንስት አባን ወደ አገሩ አስጠራቸው። እዚያ አንዱ ሲጠይቅ፣ አንዱ ሲመልስ ከረሙ። አባ ጎርጎርዮስ ወደ አገራቸው ሲመለሱ በ1658 መርከባቸው ተሰብሮ ባሕር ላይ ቀሩ። መዝገበ ቃላቱን ሳያዩት፣ ከሞቱ ከ40 ዓመት በኋላ ታተመ። እኔ ይህን ሰው ከመዝገበ ቃላቱ ባለቤቶች አንዱ አድርጌ ነው የምቆጥረው።

የሚጠይቁት ሰው ማግኘት ለአማርኛ መዝገበ ቃላት የግድ ነው። ፊደላችን መጥበቅና መላላትን አይለይም። «ዋና» ላልቶ ሲነበብ ውኃ ውስጥ የሚዋኙት ነው፤ ጠብቆ ሲነበብ ደግሞ ከሁሉ የሚበልጠው። «ይበላል» ሰውየው መብላቱንም ሊያመለክት ይችላል፣ ምግቡ መበላቱንም። የለመድነውን ቃል አረፍተ ነገሩ ያስተካክልልናል፤ ሰምተነው የማናውቀውን ቃል ግን ምን ያስተካክልልናል? አሜሪካዊው ቶማስ ሌይፐር ኬን በፈረንጆቹ 1990 ባሳተመው ባለ ሁለት ጥራዝ የአማርኛ–እንግሊዝኛ መዝገበ ቃላት እያንዳንዱን ቃል በላቲን ፊደል ደግሞ ጽፎ፣ የሚጠብቀውን ድምፅ ደርቦ ያሳያል። ጥሩ ዘዴ ነው።

በአገራችን ሊቃውንት ዘንድ ሥራው በቅብብል የመጣ ነው። መምህር ክፍለ ጊዮርጊስ የጀመሩትን የግዕዝ መዝገበ ቃላት አለቃ ኪዳነ ወልድ ክፍሌ አስፋፍተው ጻፉት፤ ደስታ ተክለ ወልድ በ1948 ዓ.ም. አሳተሙት። የራሳቸውን የአማርኛ መዝገበ ቃላት ደግሞ በ1962 ዓ.ም. አወጡ።

የሚጠይቁት ሰው ዛሬም አለ፤ ወደ ቦረናዋ መካነ ሰላም ልመለስ። የመቅደላ አምባ ዩኒቨርሲቲ ካምፓስ እዚያ አለ፤ ዙሪያውን ደግሞ በበሬ የሚያርስ ገበሬ ነው። ሞፈርና ቀንበርን ብዙ ተማሪ ያውቃል። እርፍ ገበሬው የሚጨብጠው፣ ድግር ከማረሻው ግራና ቀኝ ሆኖ አፈሩን የሚገፋው እንጨት ነው፤ ወገል ድግሩንና ሞፈሩን አያይዞ የሚይዘው ብረት። ከተማ ያደገ ልጅ «ወገል»ን በጽሑፍ ቢያገኘው የትኛውን ድምፅ እንደሚያጠብቅ ይቸገራል። ገበሬው ግን አንዴ ሲጠራው ይበቃል። ስለዚህ የቋንቋ ተማሪ ደብተር ብቻ ሳይሆን መቅጃም ይዞ ይውጣ፤ ስልኩ ይበቃዋል። ዕቃውን እያሳየ ያስጠራ፤ ቀጥሎም ይጠይቅ፦ ዕቃው ሲላላ ምን ትሉታላችሁ? ሲሰበርስ ማን ይሠራዋል? አማራ ሳይንት ውስጥ ስሙ ይለወጣል ወይ?