ቧንቧ ሲጠጣ

ውሃ በፈረቃ በሚዳረስበት ሰፈር፣ መስመሩ በተዘጋ ሰዓት ቧንቧ ከፍቶ አፉ ላይ መዳፉን የሚያሳርፍ ሰው አንዳንዴ መዳፉ ወደ ውስጥ ሲሳብ ይሰማዋል። ብዙዎች «አየር ነው» ብለው ያልፉታል። አየር መሆኑስ አየር ነው፤ ግን ወዴት እየሄደ ነው? ቧንቧው እየጠጣ ነው። በዚያች ደቂቃ በመዳፉ ፈንታ ሳፋ ውስጥ የተነከረ ጎማ ተሰክቶበት ቢሆን የሚጠጣው እጣቢውን ነበር። እዚህ የማስተዋውቀው ይህን የሚከለክለውን፣ ብዙ ጊዜ ከቡጢ የማይበልጠውን ዕቃ ነው፤ የቧንቧ ሠራተኞች ቼክ ቫልቭ ይሉታል። ውሃ ሲመጣ ይከፈታል፣ ሊመለስ ሲል ይዘጋል።

«ውሃ ግፊት ስላለው ወደ ኋላ አይመለስም» የሚለው እምነት ቫልቩን ከንቱ ወጪ አስመስሎታል። ግፊት እስካለ እውነት ነው። ግፊቱ ግን የቧንቧው የራሱ ሀብት አይደለም፤ ከፍ ብሎ ከተሠራ ማጠራቀሚያ ወይም ከፓምፕ የተበደረው ነው። አዲስ አበባን እንውሰድ፤ ከእንጦጦ ግርጌ ወደ አቃቂ የምትወርድ ተዳፋት ከተማ ናት። መስመሩ ሲዘጋ ውስጡ የቀረው ውሃ ቁልቁል ይወርዳል፤ ታች ያለው ቤት ባልዲውን ሲሞላ የላይኛው ቤት ቧንቧ ይጎድላል። የጎደለው ቦታ ደግሞ ባዶ ሆኖ አይቆይም። ክፍት የሆነው ጫፍ አየር ላይ ካለ አየር ይገባል፣ ውሃ ውስጥ ከሰጠመ ያ ውሃ ይገባል። ነዳጅ በጎማ የሚቀዳ ሹፌር ነገሩን ያውቀዋል፤ አንዴ በአፉ ስቦ ከለቀቀው ነዳጁ ራሱ ሽቅብ ወጥቶ ቁልቁል ይፈሳል። እዚህ የሚስበው አፍ የከተማው መስመር ነው። ሽቅብ የሚገፋው የአየር ክብደት በባሕር ጠለል ውሃን 10 ሜትር ያህል ያነሳል፤ አየሩ በሳሳበት በአዲስ አበባ ከፍታ አቅሙ ወደ 8 ሜትር ግድም ይወርዳል። ቅናሹ አያጽናናም። ግቢ የቆመ በርሜልን ሁለተኛ ፎቅ ድረስ ለመሳብ ይበቃልና። እንግዲህ ውሃ እየመጣ በሚጠፋበት ከተማ ቫልቩ የበለጠ ያስፈልጋል እንጂ አያንስም። ግፊቱ ከማይቋረጥበት አገር ይልቅ እዚህ ቧንቧው የሚጠጣበት ሰዓት ብዙ ነው።

ግፊት የማይቋረጥበት አገርም ቢሆን አላመለጠም። በአሜሪካ በማሳቹሴትስ ዉስተር ከተማ እ.ኤ.አ. በ1969 የሆሊ ክሮስ ኮሌጅ የአሜሪካን ፉትቦል ቡድን በሄፓታይተስ ተመታ፤ ከ97 ተጫዋቾችና አሰልጣኞች 90ው ተይዘው የዓመቱ ውድድር ከሁለት ጨዋታ በኋላ ተሰረዘ። ምርመራው የደረሰበት ነገር ይገርማል። በአቅራቢያው እሳት ተነስቶ የእሳት አደጋ ሠራተኞች ብዙ ውሃ ሲቀዱ የመስመሩ ግፊት ወደቀ፤ የሜዳው ማጠጫ ቧንቧ ደግሞ መሬት ውስጥ በተቀበረ ጉድጓድ ነበርና በዚያ የተጠራቀመውን የተበከለ ውሃ ወደ መጠጫው መስመር ሳበው። «ውሃው በክሎሪን ታክሞ የለም ወይ?» የሚል ይኖራል። የቺካጎም ውሃ ታክሞ ነበር። እ.ኤ.አ. በ1933 የዓለም ትርዒት ወቅት በሁለት ሆቴሎች የፍሳሽና የመጠጥ ውሃ መስመሮች ተገናኝተው፣ በአሜባ ተቅማጥ ከ1,400 በላይ ሰው ታመመ፤ 98 ሞቱ። የአሜባው ዕንቁላል መሰል ቅርፊት በቧንቧ ውሃ ውስጥ የሚቀረውን ክሎሪን ይቋቋማል። ፀረ ተባይ መድኃኒት ሲገባማ ክሎሪን ምን ያደርገዋል?

ሌላው ተቃውሞ፣ «መስመሩ ራሱ በቦይ ውስጥ እያለፈ ያፈሳል፤ የእኔ ቫልቭ ምን ይፈይዳል?» የሚለው ነው። በተቀዳደደ መስመር የሚገባውን ቆሻሻ የቤት ቫልቭ አይከለክልም፤ ይህ እውነት ነው። ግን አንዱ በር መሰበሩ ሌላውን ከፍቶ ለማደር ምክንያት አይሆንም። ደግሞ ያን የቦይ ውሃ ወደ ውስጥ ከሚስቡት አንዱ ፓምፑን ሮቶ ላይ ሳይሆን በቀጥታ ቆጣሪው መስመር ላይ የሚገጥመው ጎረቤት ነው። ውሃ ያመጣሁ ይመስለዋል፤ የሰፈሩን ቧንቧ ሁሉ የሚያስጠጣው እሱ ነው። ለራሱ ጥቅም ብቻ ለሚያስብም መልስ አለ፤ የሮቶውና የቀጥታው መስመር ያለ ቫልቭ ከተገናኙ፣ ማታ ሞልቶ ያደረው ሮቶ ጠዋት ባዶ ሆኖ ይገኛል። ውሃው ወደ መንገድ ተመልሷል።

ቼክ ቫልቭን እንደ ጠንቋይ ክታብ ቆጥሮ መርሳት ግን ሌላ ጥፋት ነው። ውስጡ ያለችው ክዳን ጥርሷ ላይ አንዲት የአሸዋ ቅንጣት ከተቀመጠች አትገጥምም፤ በፈረቃ የሚመጣ የመጀመሪያ ውሃ ደግሞ ዝገትና ደለል ይዞ ነው የሚመጣው። ለዚህ ነው አደጋው ከባድ በሆነበት ቦታ፣ በሆስፒታልና በፋብሪካ፣ ሁለት ክዳንና በመካከላቸው ማስተንፈሻ ያለው ዓይነት የሚተከለው። የመካከለኛው ክፍል ግፊት ሁልጊዜ ከመጪው ውሃ እንዲያንስ ተደርጎ የተሠራ ነው። ክዳን ሲበላሽ ወይም ግፊት ሲወድቅ ማስተንፈሻው ተከፍቶ የተጠረጠረውን ውሃ መሬት ላይ ይደፋዋል እንጂ አይመልሰውም። ይህን ዕቃ እወደዋለሁ። መበላሸቱን አይደብቅማ፤ ወለል ላይ ውሃ አፍስሶ ይናገራል። «ያፈሳል» ተብሎ በቡሽ የሚደፈነውም በዚሁ ጠባዩ ነው፤ የደፈነው ሰው የዘበኛውን አፍ አፍኗል።

ከሁሉም የሚታመነው ግን ክዳንም ስፕሪንግም የለው፤ ባዶ አየር ነው። የቧንቧው አፍ ከዕቃው ጠርዝ በላይ የራሱን ወርድ ሁለት እጥፍ፣ ቢያንስ 2.5 ሳንቲ ሜትር ከራቀ፣ ቧንቧው ምንም ቢጠማ የሚጠጣው አየር ብቻ ነው። አየር አይዝግም፣ ደለል አይዘው፣ ዋጋ የለው። ስለዚህ ቫልቩ እስኪገዛ ድረስ፣ ውሃው ሳይጠፋ የጎማውን ጫፍ ከበርሜሉ አውጥታችሁ ከጠርዙ ሁለት ጣት ከፍ አድርጋችሁ እሰሩት።