ስለ ራስ ፍልጠትና ስለ ድባቴ መድኃኒቶች በአንድነት መወሰድ

ራስ ምታት ሁሉ አንድ ዓይነት አይደለም። ከድካም ወይም ከፀሐይ የሚመጣ አለ፤ የዘጌን ቡና ዘወትር የለመደ ሰውም አንድ ቀን ቢያጣው ራሱን ያመዋል። ሊቃውንት በግእዝ ፍልጸት፥ ሕዝቡ የራስ ፍልጠት፥ ሐኪሞች ደግሞ ማይግሬን የሚሉት ሕመም ግን ከዚህ የተለየ ነው። ብዙ ጊዜ የራስን አንድ ወገን ይዞ ይመታል፤ ብርሃንና ድምፅ ያስጠላል፤ ያቅለሸልሻል፤ ካልታከመም እስከ 3 ቀን ሊቆይ ይችላል። ድባቴ የሚባለው ሌላው ሕመም ደግሞ ሳምንታት ሙሉ ልብን የሚያከብድ፥ እንቅልፍንና የምግብን ፍላጎት የሚያውክ፥ ሰውን ከሥራውና ከወዳጆቹ የሚለይ ነው። እነዚህ ሁለቱ በአንድ ሰው ላይ አብረው መገኘታቸው የተለመደ ስለ ሆነ፥ የሁለቱ መድኃኒት በአንድ ቤት መደርደሪያ ላይ ቢገኝ አያስገርምም። ሊጠየቅ የሚገባው፥ አብረው ሲወሰዱ ይጎዳሉን? የሚለው ነው።

ነገሩን ለመረዳት ሴሮቶኒን የሚባለውን ማወቅ ያስፈልጋል። ሴሮቶኒን ሰውነት ራሱ የሚሠራው ነገር ነው፤ ታንኳ ሰውን ከዳር ወደ ዳር እንደሚያሻግር፥ እርሱም ከአንዱ ነርቭ ወደ ሌላው መልእክት ያሻግራል። ሥራውን ከፈጸመ በኋላ ወደ መጣበት ነርቭ ይመለሳል። ፍሉኦክሴቲንና ሰርትራሊን የሚባሉት የድባቴ መድኃኒቶች የሚመለስበትን መንገድ ስለሚዘጉ መልእክተኛው በመካከል ይበዛል። ሱማትሪፕታንና መሰሎቹ፥ በአንድ ስም ትሪፕታን የሚባሉት የራስ ፍልጠት መድኃኒቶች ደግሞ፥ ሴሮቶኒንን መስለው የእርሱን በር ያንኳኳሉ። ሁለቱ ሲገናኙ መልእክቱ ከልክ ያለፈ እንደ ሆነ ሰውነት ይታወካል፤ ላብ፥ መንቀጥቀጥ፥ የጡንቻ መወራጨት፥ የልብ መቸኰል፥ ተቅማጥ፥ ትኩሳትና የአእምሮ መደናገር ይታያል፤ ሲከፋም ይገድላል።

ስለዚህ በ1998 ዓ.ም. (በፈረንጆች 2006) የአሜሪካ መንግሥት የምግብና የመድኃኒት መሥሪያ ቤት፥ ሁለቱን አብረው የሚወስዱ ሁሉ እንዲጠነቀቁ አስታወቀ። ማስጠንቀቂያው የተነሣው ግን ከጥቂት ሕሙማን ታሪክ ነበረ። በ2010 ዓ.ም. (በፈረንጆች 2018) የታተመ በቦስቶን ከተማ የተደረገ ምርመራ የ19,017 ሰዎችን መዝገብ አገላበጠ፤ ሁሉም ሁለቱ መድኃኒቶች የታዘዙላቸው ነበሩ። በእርግጥ ይህ ሕመም አግኝቷቸዋል የተባሉት 2 ብቻ ሆነው ተገኙ። ምክንያቱም የሚታወቅ ነው፤ ትሪፕታን የሚያንኳኳው በር የራስን የደም ሥር የሚያጠብበውን ነው እንጂ፥ መታወኩ በዋናነት የሚነሣበትን በር አይደለም። እንግዲህ ማስጠንቀቂያውን ሰምቶ የድባቴ መድኃኒቱን በገዛ ፈቃዱ የጣለ ሰው፥ ከትንሹ አደጋ ሸሽቶ ወደ ትልቁ ገብቷል፤ ያልታከመ ድባቴ ሰውን ራሱን እስከ ማጥፋት ያደርሳልና።

በጣና ዳር ለሚኖር ሰው ከትሪፕታን ይልቅ ሊታሰብበት የሚገባው አሚትሪፕቲሊን ነው። ይህ መድኃኒት ከ60 ዓመት በላይ ለድባቴ ሲሰጥ የኖረ ነው፤ ነገር ግን በትንሽ መጠን፥ 10 ወይም 25 ሚሊግራም ማታ ማታ ሲወሰድ፥ የራስ ፍልጠት እንዳይመላለስ ያደርጋል። ለምሳሌ አንድ ሰው ከደቅ ደሴት በጀልባ ተሻግሮ፥ ባሕር ዳር ከአንዱ ሐኪም ዘንድ ለራሱ አሚትሪፕቲሊን ይቀበላል። ከወራት በኋላ ልቡ ስለ ከበደ ሌላ ሐኪም ፍሉኦክሴቲን ያዝለታል። የፊተኛውን ክኒን የራስ ምታት ነው ብሎ ስለሚያስብ አይናገርም፤ ወይም በድባቴ መታከሙን ሰው እንዳይሰማበት አፍሮ ይሸሽገዋል። ፍሉኦክሴቲን ግን ጉበት አሚትሪፕቲሊንን የሚያፈርስበትን ኃይል ያዳክማል። ስለዚህ ሰውየው የዋጠው 25 ሚሊግራም ሆኖ ሳለ፥ በደሙ ውስጥ የሚጠራቀመው ብዙ የዋጠ ያህል ይሆናል። አፉ ይደርቃል፤ ሽንቱ ይያዛል፤ ይፈዛል፤ የልቡ ምት ሊዛባ ይችላል፤ በሽማግሌዎች ላይ ደግሞ ይብሳል። ፍሉኦክሴቲን ከተተወ በኋላም ሳምንታት በሰውነት ውስጥ ስለሚቆይ፥ አቁሜአለሁ ማለት ብቻውን ከዚህ አያድንም። ሁለቱን አውቆ የሚያዝ ሐኪም መጠኑን ቀንሶ፥ ልብን መርምሮ ሊሰጣቸው ይችላል። ጉዳቱ የሚበዛው አንዱ ሐኪም የሌላውን ማዘዣ ሳያውቅ ሲቀር ነው።

በዚህ አገር የሚያሳስት ሌላ ነገር አለ። በጣና ዳር ትኩሳት፥ ላብና መንቀጥቀጥ ሲታይ ሰው ሁሉ ንዳድ ነው ይላል፤ ብዙ ጊዜም እውነት ነው። ነገር ግን መታወኩ አዲስ መድኃኒት በተጨመረ ወይም መጠኑ ከፍ ባለ በሰዓታት ውስጥ፥ ይልቁንም በአንድ ቀን ውስጥ ከጀመረ፥ የደም ምርመራው እየተደረገ ሕመምተኛው የሚወስዳቸው ክኒኖች ሁሉ ለሐኪሙ ይታዩ። ለሕመም ማስታገሻ የሚሰጠው ትራማዶልም ሴሮቶኒንን ያበዛልና ከእነርሱ ጋር ይቈጠራል። ሊኔዞሊድ የሚባለው፥ መድኃኒት ለተላመደ የሳንባ ነቀርሳ የሚሰጠው፥ የበለጠ ያስፈራል፤ ሴሮቶኒንን የሚያፈርሰውን ኃይል ይከለክላልና ከድባቴ መድኃኒት ጋር ያለ ሐኪም ቅርብ ጥበቃ አይሰጥም።

ኤርጎታሚን ለብቻው ሊነገር ይገባል። ይህ የቆየ የራስ ፍልጠት መድኃኒት ብዙ ጊዜ ከቡና ኃይል ከካፌይን ጋር ተቀምሞ ይሰጣል። የተገኘው በእህል ራስ ላይ ከሚበቅል ጥቁር ሻጋታ ሲሆን፥ አርተር ሽቶል የሚባል የስዊስ ሊቅ በፈረንጆች 1918 ለይቶ አወጣው። ኃይሉ የደም ሥርን ማጥበብ ነው፤ ምን ያህል እንደሚያጠብ ኢትዮጵያ በራሷ ልጆች አይታለች። በ1970 ዓ.ም. ገደማ በወሎ ሻጋታው የያዘውን ሲናር ከእህላቸው ጋር የበሉ ሰዎች፥ በ1993 ዓ.ም. ገደማ ደግሞ በአርሲ የተበከለ ገብስ የበሉ፥ እግራቸው ደም አጥቶ ጠቍሮ በስብሷል፤ የሞቱም አሉ። መድኃኒቱ በመጠን ሲወሰድ እንዲህ አያደርግም። ነገር ግን ኢሪትሮማይሲን፥ ክላሪትሮማይሲን፥ ወይም ከኤች አይ ቪ መድኃኒቶች ሪቶናቪር ሲጨመርበት ጉበት ሊያፈርሰው ስለማይችል፥ ያው የወሎው ሕመም በክኒን ይመጣል። ከሱማትሪፕታንም ጋር በ24 ሰዓት ውስጥ አይገናኝ። ነፍሰ ጡር ሴት ፈጽሞ አትውሰደው።

በመንደር ማንበብ የሚችለው አብዛኛውን ጊዜ መምህሩ ወይም የተማረው ሽማግሌ ስለ ሆነ፥ የክኒን ስም አንብብልኝ የሚል ሰው ወደ እርሱ ይመጣል። እርሱም በአንድ ቁራጭ ወረቀት የመድኃኒቱን ስም፥ መጠኑንና የተጀመረበትን ቀን ይጻፍለት፤ ምስጢሩንም ይጠብቅለት። ወረቀቱ ወደ ፈለገ ሕይወት ወይም ወደ ጥበበ ግዮን ሆስፒታል፥ ወደ መድኃኒት ቤትም በተሄደ ጊዜ ሁሉ ይያዝ። ጠበል ሊጠመቅ የሚሄድም መድኃኒቱን ከማቋረጡ በፊት ሐኪሙን ይጠይቅ፤ አንዳንዱ የድባቴ ክኒን በድንገት ሲተው ራስን ያዞራል፥ እንቅልፍም ይነሣልና። ክኒኑ ሲያልቅ ስሙ የተጻፈበት የሽፋኑ ወገን ሳይቀደድ ከወረቀቱ ጋር ይቀመጥ፤ ቀለሙና መልኩ አንድ የሆነ ክኒን ብዙ ስለ ሆነ፥ ነጩ ነው ወይም ክቡ ነው ማለት ለሐኪም ምንም አያስረዳውም።