ማካሮን ነቀምቴ ላይ ለምን ይሰነጠቃል?

አንድ የፈረንሳይ የማካሮን አሠራር አግኝታችሁ፣ ግራሙን ሳታዛንፉ መዝናችሁ ኦቨን ውስጥ ከተታችሁት እንበል። ሲወጣ ግን ላዩ ተሰነጣጥቋል፣ ውስጡም ባዶ ነው። ታዲያ ጥፋቱ የእጃችሁ ነው? ላይሆን ይችላል። ነቀምቴ ከባሕር ጠለል በላይ 2,000 ሜትር ገደማ ላይ ያለች ከተማ ናት፤ አሠራሩ ደግሞ ለቆላ አገር የተጻፈ ነው።

ማካሮን በመሠረቱ የደረቀ አረፋ ነው። የእንቁላል ነጭ ሲመታ ፕሮቲኑ አየሩን ከቦ ይይዛል። ኦቨን ውስጥ አንድ እሽቅድምድም ይጀመራል፦ በአንድ በኩል አየሩና እንፋሎቱ ይለጠጣሉ፣ በሌላ በኩል ፕሮቲኑ ይጠነክራል። ፕሮቲኑ ቀድሞ ከጠነከረ ቅርፊቱ ቆሞ ይቀራል። እንፋሎቱ ከቀደመ ግን ይፈነዳል።

ነቀምቴ ላይ የአየሩ ግፊት ባሕር ጠለል ላይ ካለው አምስት እጅ አራት እጁ ያህል ብቻ ነው። ስለዚህ ውሃ በ100 ሳይሆን በ93 ዲግሪ ሴንቲግሬድ አካባቢ ይፈላል፣ የአየር አረፋውም በቀላሉ ይለጠጣል። ውድድሩ ገና ከመጀመሪያው ለእንፋሎቱ ያደላል ማለት ነው።

ምን ይደረግ? ፈረንሳዮች አልሞንድ ይጠቀማሉ፤ እናንተ ግን የተቆላና የተላጠ ኦቾሎኒ ብታደርጉ ይሆናል። 110 ግራም ኦቾሎኒ ከ160 ግራም የስኳር ዱቄት ጋር ፍጩ። ብዙ ካፈጫችሁት ዘይቱ ወጥቶ ሊጥ ይሆንባችኋል። 15 ግራም የካካዎ ዱቄት ጨምሩና በወንፊት ንፉት። ከዚያ 100 ግራም የእንቁላል ነጭ በ100 ግራም ስኳር ምቱ። እዚህ ላይ ልብ በሉ፦ አረፋው ድርቅ እስኪል አትምቱት፤ ጫፉ ሲነሳ ትንሽ ጎንበስ ካለ በቂ ነው። ደጋ ላይ ለመለጠጥ ቦታ መተው ያስፈልጋል። ቅባት አረፋ ስለሚያፈርስ ዱቄቱ የሚገባው መጨረሻ ላይ ነው።

ትሪ ላይ ካንጠባጠባችሁ በኋላ ላዩ በጣት ሲነካ እስከማይጣበቅ ድረስ ይድረቅ። ይህ ስስ ቆዳ እንፋሎቱን ከላይ አግዶ ከሥር ያስወጣዋል፤ የማካሮን “እግር” የሚባለው ዳንቴል መሰል ጠርዝም የሚወጣው በዚህ ነው። በወለጋ ክረምት አየሩ እርጥብ ስለሆነ ይዘገያል፤ ታገሡ። ከዚያ በ150 ዲግሪ ከ15 እስከ 18 ደቂቃ ጋግሩ።

አሁን ወደ ክሬሙ። አረንጓዴ ሻይና ጥቁር ሻይ የአንድ ተክል ቅጠል ናቸው፤ በጉመሮና በውሽውሽ የሚለማውም ያው ተክል ነው። ልዩነቱ አረንጓዴው እንደተለቀመ በሙቀት ስለሚመታ ቅጠሉን የሚያጠቁረው ኢንዛይም ሥራ ያቆማል። በፈላ ነገር ከዘፈዘፋችሁት ግን መራራ ንጥረ ነገሮቹ በብዛት ይወጣሉ። ስለዚህ 3 ማንኪያ ወተት አሙቁ፣ አውርዱና ትንሽ ቀዝቀዝ ሲል 2 የሻይ ማንኪያ ቅጠል ጨምሩ። ከ4 ደቂቃ በኋላ አጥሉት። ሲቀዘቅዝ ከ100 ግራም የገበታ ቅቤና ከ100 ግራም የስኳር ዱቄት ጋር ምቱት። ቀለሙ ፈዛዛ ቢሆን አትደንግጡ፤ ደማቁ አረንጓዴ የሚመጣው ቅጠሉ ራሱ ተፈጭቶ ከሚበላው ማቻ ነው።

በመጨረሻ፣ እንቁላልና ቅቤ ውድ ነውና ሁሉንም በአንዴ ኦቨን አታስገቡ። መጀመሪያ አራት ብቻ ጋግሩ። ከተሰነጠቁ የማድረቂያውን ጊዜ ጨምሩ፤ ካልበቃ የኦቨኑን ሙቀት በ10 ዲግሪ ቀንሱ። ግን በአንድ ጊዜ አንድ ነገር ብቻ ቀይሩ፤ አለበለዚያ የትኛው እንዳስተካከለው አታውቁም።